ጋዝ ተዘጋ

መስከረም 20

ልጄ፣

ሰላምታዬን ከእግርሽ እጀምራለሁ። ድንጋይ የወደቀበት አውራ ጣትሽ ዳነ ወይስ አሁንም ጫማ ይከለክልሻል? ግድብ የሚሠራ ሰው ድንጋይ ቢወድቅበት አይገርምም። የገረመኝ አንቺ ከፊርማሽ በታች እንደ ተራ ነገር ጣል ማድረግሽ ነው። ክፉ ወሬ መደበቅን ከእናትሽ ወርሰሻል፤ እሷም ነፍሷን ይማርና እስከ መጨረሻዋ ድረስ "ደህና ነኝ" እንዳለች ሄደች።

ስለ ወንድምሽ ስለ ድምቡሼ ለጠየቅሽኝ፣ ከሆስፒታል ከወጣ ወዲህ ደህና ነው። ድምፆቹን መድኃኒቱ ጸጥ አሰኝቷቸዋል። ግን ሐኪሙ እንዳስረዳኝ ስኪዞፍሬንያ ሲሄድም ባዶ እጁን አይሄድም። ማስታወስን፣ ሐሳብ መሰብሰብን፣ የጀመሩትን መጨረስን ይዞ ይሄዳል። ድምቡሼም ሸሚዙን እያጠለቀ መሀል ላይ ይቆምና ምን ሊያደርግ እንደነበር ይጠፋዋል። ለዚህኛው ኪኒን የለኝም፣ መድኃኒቱ ልምምድ ነው አለኝ ሐኪሙ።

ስለዚህ አንዲት አሠልጣኝ ተመድባልናለች። ስትታይ የምትሰበር ትመስላለች፤ ስታዝዝ ግን የጦር አዛዥ ናት። ዋናው ሕጓ ይኼ ነው፦ "እስኪሳሳት አትጠብቁት። ከመሳሳቱ በፊት ትክክለኛውን ንገሩት። ከተሳሳተ አእምሮው ላይ የሚቀረው ስሕተቱ ነው።" እኔ በኩርኩም የተማርኩ ሰውዬ፣ በዚህ ዕድሜዬ እንዴት እንደሚያስተምሩ ተማርኩልሽ።

ደግሞ ቤቱ ሁሉ ጽሑፍ ይደረግበት አለች። እዚህ ላይ ነው አባትሽ የተነሣው! ዕድሜዬን ሙሉ የሰው ሱቅ ስም ስጽፍ ኖሬ ለገዛ ቤቴ አንድ ፊደል አልጻፍኩም ነበር። ሰማያዊ መደብ፣ ነጭ ፊደል፣ ከሥሩ ጥላ። መሳቢያው ላይ "ካልሲ"፣ በሩ ላይ "ቁልፍ ይዘሃል?"፣ ከምድጃው በላይ ደግሞ በትልቁ "ጋዝ ዝጋ። ‘ጋዝ ተዘጋ’ በል።" ጮክ ብሎ መናገሩ ራሱ ልምምድ ነው፤ እጅ የሠራውን ጆሮ ይመሰክራል ብላለች። ሲሊንደሩን ጠምዝዞ "ጋዝ ተዘጋ!" ሲል የባቡር ጣቢያ ሠራተኛ ነው የሚመስለው። ጎረቤት ያለው የሕንፃ መሣሪያ ሱቅም ጠዋት ጠዋት ምስማር እንዲመዝን ቀጥሮታል።

አጎትሽ ያቺን ከከተማ ውጭ ያለች የአእምሮ ሕሙማን ማረፊያ አሁንም አልተዋትም። አንድ ጥፋት ካየን እዚያ ይግባ ብለን ተስማምተናል ይለኛል። ተስማምተናል፣ አልካድኩም። ግን እዚያ ገብቶ የወጣ ሰው አይቼ አላውቅም፤ እኔ ቆሜ እየሄድኩ ልጄ እዚያ አይገባም።

አባትሽ


ኅዳር 6

አባዬ፣

እንዴት ሰነበቱልኝ? እኔ ከአቧራው በቀር ደህና ነኝ። እግሬም ድኗል፤ ይህን ባለፈውም ከዚያ በፊትም ጽፌልዎት ነበር፣ እርስዎ ግን በየደብዳቤው ያንኑ ይጠይቁኛል። ወሬ አልቆብዎት ነው ወይስ አውራ ጣቴን ከእኔ አብልጠው ይወዱታል?

በስልክ ለምን አንነጋገርም ላሉኝ፣ እዚህ መስመር የሚገኘው ኮረብታው ላይ ነው። ኮረብታው ላይ ወጥቼ ደግሞ እርስዎ "ምን አልሽ?" እኔ "ይሰማል?" እየተባባልን ነው የሚቆረጠው። በደብዳቤ ቢያንስ ጆሮዎ አያታልለንም።

የድምቡሼን ነገር ሳነብ አለቀስኩ፤ የደስታ ነው። ግን ቀጥሎ የመጣው ደብዳቤ ደስታዬን ቀነሰብኝ። ማንቆርቆሪያው እስኪቀልጥ ድረስ እሳት ላይ ሲቀር እሱ የት ነበር? "ጋዝ ተዘጋ" ማለቱን ትቶ ነው? ጠይቀውት ዝም አለ ብለዋል። ዝምታው ነው ያስፈራኝ። መጀመሪያ የታመመ ጊዜም ከማውራት በፊት ዝም ማለት ነበር የጀመረው፤ ከዚያ ግድግዳ ላይ መጻፍ። ያን ግድግዳ ሁለታችን ስናጥብ የዋልንበትን ቀን እርስዎም አይረሱትም።

አባዬ፣ ኪኒኑን ሲውጥ በዓይንዎ ይዩት። አንድም ነገር አይደብቁኝ። በሽታውን የደበቀ መድኃኒት የለውም እያሉ ያሳደጉን እርስዎ ነዎት።

ልጅዎ


ታኅሣሥ 18

ልጄ፣

የጠየቅሽኝን አንድ በአንድ እመልሳለሁ፤ አንቺ ግን ለወንድምሽ ምንም እንዳትጽፊለት። ይህንንም ፖስታ ቤት የማደርሰው እሱ ሲተኛ ተደብቄ ነው። በቤቴ ሌባ ሆኛለሁ።

ኪኒኑን ይውጣል፤ እያየሁት ይውጣል። ታዲያ ይህ ሁሉ ከየት መጣ?

መጀመሪያ ጽሑፉ። የእኔን ሰሌዳዎች አልነካም፤ በእነሱ መሀል የራሱን መጨመር ጀመረ። በከሰል ነው፣ በእስክሪብቶ ነው፣ ያገኘው ላይ ይጭራል። ፊደሉ እንደ ሰካራም እየተደገፈ ነው የሚሄደው። መጸዳጃ ቤቱ ላይ "መጸዳጃ ቤት" ብሎ ጻፈ። መጸዳጃ ቤቱን የማያውቅ ማን አለ? የእናትሽ ፎቶግራፍ ሥር ምን እንደጻፈ ልንገርሽ? "አርፋለች።" ጠዋት ያንን ሳይ ቁጭ አልኩ። መርዶዋን ዛሬ የተረዳሁ ያህል አለቀስኩ። የገዛ እናቱን እንዲህ ብሎ ግድግዳ ላይ የሚጽፍ ጤነኛ ነው?

ከዚያ ወሬው። ዓይኔን ሳልገልጥ አልጋዬ አጠገብ ቆሞ "አባዬ፣ ዛሬ ማክሰኞ ነው፣ ሥራ የለም" ይለኛል። ማን ጠየቀህ! አፌን ልከፍት ስል የምለውን ቀድሞ ይለዋል። በር ልከፍት ስል "በግራ ነው" ይላል። ሰው እንዴት በገዛ ልጁ በቁሙ ይወረሳል? የቤቱን ቁልፍ ወስዶ አንገቱ ላይ አስሮታል። ብሩሽ የማጥብበት አኳራጅ ጠፍቷል፣ ክብሪት ጠፍቷል። ምድጃ ላይ አንድ ነገር ስጥድ ከኋላዬ መጥቶ ያጠፋዋል። "ጋዝ ተዘጋ" ይላል፣ ወጡ ገና ሳይበስል።

ወደ ሱቁም መሄድ ትቷል። ቀኑን ሙሉ እኔን ነው የሚጠብቀኝ። ዳቦ ልገዛ ብወጣ ዘወር ስል ከኋላዬ አለ። ብቆም ይቆማል።

እኔ ወንድምሽን ፈርቼው አላውቅም ነበር። አሁን እፈራዋለሁ። እንዲህ ብዬ መጻፌ ያመኛል፤ ግን አይደብቁኝ ያልሽው አንቺ ነሽ። እግርሽስ፣ ድንጋይ የወደቀበት፣ ዳነ?

አባትሽ


ጥር 9

አባዬ፣

ደብዳቤዎን ሦስቴ አነበብኩት። የመኝታ ቤቴን በር ከውስጥ ልቆልፍ ወይ ብለው በኋላ በላኩልኝ ወረቀት ለጠየቁኝ፣ አዎ፣ ይቆልፉ። አባት ልጁን ፈርቶ በር ሲቆልፍ፣ ያንን የምትመክረው ደግሞ እኔ ስሆን፣ ምን ዓይነት ቤት ሆንን?

ፈቃድ ጠይቄ ተከለከልኩ። የመጨረሻው ግንብ እየተሞላ ስለሆነ ማንም አይወጣም። የእኔ ሥራ የሲሚንቶ ናሙና እየጨመቁ የቱ ጋ እንደሚሰነጠቅ ማየት ነው፤ ሰሞኑን ማሽኑን ይዤ የማስበው እርስዎን ነው።

ስለዚህ ለአጎቴ ጻፍኩለት። እሱም ቤት መጥቶ ጽሑፎቹን በዓይኑ አይቷል። ድምቡሼን ለብቻው አናግሮት ምን እንዳለው ነግሮዎታል? አልነገርዎትም ይሆናል፣ እንዳያዝኑ። "የታመመው አባዬ ነው፣ እኔ አይደለሁም" አለው። አጎቴ "ያን ጊዜ ነገሩ እንዳበቃለት ገባኝ" ብሎ ጻፈልኝ። ለሐኪሙም ሁሉንም ነግሮታል፤ ጽሑፉን፣ ክትትሉን፣ ቁልፉን። ሐኪሙ ዳግመኛ ሳይነሣበት አይቀርም፣ ማረፊያው ቦታ ካለው ይግባና ከዚያ አየዋለሁ አለ።

ቦታ አለ። አባዬ፣ እባክዎ ይፈርሙ። ቆሜ እየሄድኩ አይገባም ብለው እንደነበር አልረሳሁም። ግን ሳይቃጠል በቅጠል ነው። አንድ ቀን ቤቱን አያይዞት ሁለታችሁንም ከማጣ፣ እሱ ተቆጥቶኝ ቢኖር ይሻለኛል። የማረፊያውን አድራሻ ስላወቅኩ እኔ ራሴ እጽፍለታለሁ። ለምን ግድግዳው ላይ እንደጻፈ ከአንደበቱ መስማት እፈልጋለሁ።

ልጅዎ


የካቲት 14

ልጄ፣

ወሰዱት። አልታገለም፤ መታገሉን በጠበቅኩት ጊዜ አልታገለም። መኪናው ውስጥ ከገባ በኋላ ወርዶ ወደ ኩሽና ተመለሰ። አጎትሽ ሊይዘው ሮጠ። ሲሊንደሩን ጠመዘዘና "ጋዝ ተዘጋ" ብሎ ወጣ። የአንገቱን ቁልፍ በእጄ አስያዘኝና ጣቶቼን አንድ በአንድ አጠፈልኝ።

እንዴት እንደምውል ለጠየቅሽኝ፣ ቤቱ ጸጥ ብሏል። እኔም ሥራ አልፈታሁም። የእሱን ጭረት ሁሉ ፋቅኩት። ፍቄ ሳበቃ የእኔ ሰሌዳዎች ብቻቸውን ቀሩ፤ ማን ያነባቸዋል? እነሱንም አወረድኳቸውና ቤቱን ከዳር እስከ ዳር ነጭ ቀባሁት። በሩም ነጭ፣ መሳቢያውም ነጭ። ስትመጪ ሙሽራ ቤት የገባሽ ይመስልሻል።

አጎትሽ እሑድ እሑድ ብቅ ይላል። የድሮ ቀልዶቼን አወራለታለሁ፣ ይስቃል፣ "አንተማ ከእኛ የበለጠ ወጣት ነህ" ብሎኝ ይሄዳል። በሚቀጥለው እሑድ ያንኑ ቀልድ ብነግረው ደግሞ ይስቃል፤ ጨዋ ሰው ነው።

አንዳንድ ነገር ቦታውን እየለቀቀ ያስቸግረኛል። ትናንት መጸዳጃ ቤት ብዬ የከፈትኩት ቁም ሣጥን ሆነ። ሁሉም በር ነጭ ስለሆነ ነው፤ ቀለም ሲያበዙት እንዲህ ያደርጋል። ክብሪቱም አልተገኘም። ሲሄድ የት እንደደበቀው ጠይቂልኝ። ጣትሽስ?

አባትሽ


መጋቢት 2
ከማረፊያው

እትዬ፣

ደብዳቤሽ ደርሶኛል። አሠልጣኟ እንዳስተማረችኝ መጀመሪያ ቆምኩ። የምጽፈውን ጮክ ብዬ ተናገርኩ። አሁን አንዱን ነገር ስጨርስ ሌላውን እጽፋለሁ። ስለዚህ ይረዝማል፣ ታገሽኝ።

ለምን ግድግዳ ላይ ጻፍክ ብለሻል። የመጀመሪያ ጊዜ የታመምኩ ዕለት ያጻፉኝ ድምፆቹ ነበሩ። አሁን ድምፆች የሉም። የጻፍኩት ለአባዬ ነው።

አባዬ መጸዳጃ ቤቱ ጠፋቸው። መጀመሪያ አንድ ቀን፣ ከዚያ ብዙ ቀን። ስለዚህ ጻፍኩበት። ጠዋት ጠዋት ብሩሻቸውን ይዘው ሊወጡ ይነሣሉ፣ የሞተ ሰው ሱቅ ሰሌዳ ሊጽፉ። ስለዚህ ቀድሜ "ሥራ የለም" እላቸዋለሁ። እማዬን ገበያ ሄዳ ቆየች እያሉ መስኮት ላይ ይቆሙ ነበር። ስለዚህ ፎቶግራፏ ሥር ጻፍኩ። ያ ጥሩ አልነበረም። አለቀሱ። ሌላ ዘዴ አላወቅኩም።

ቁልፉን የወሰድኩት አንድ ቀን የማናውቀውን ሰው በር በእኛ ቁልፍ ሲታገሉ ስላገኘኋቸው ነው። ሱቁን የተውኩት ብቻቸውን መተው ስላቃተኝ ነው። አኳራጁን የደበቅኩት ሻይ መስሏቸው ብርጭቆ ውስጥ ቀድተውት ስላገኘሁ ነው። ማንቆርቆሪያውን ያቃጠሉት እሳቸው ናቸው። አንተ ነህ ሲሉኝ ዝም አልኩ። እሳቸው ጥፋተኛ ከሚሆኑ እኔ ብሆን ማንም አይገርመውም ብዬ ነው።

አሁን ዋናውን እጽፋለሁ። አሠልጣኟ "ከመሳሳቱ በፊት ትክክለኛውን ንገሩት" ትል ነበር። እኔ በዚህ ዳንኩ። ስለዚህ ለአባዬ እንደዚያው አደረግኩላቸው። በር ሊሳሳቱ ሲሉ በሩን ነገርኳቸው። ቀን ሊሳሳቱ ሲሉ ቀኑን ነገርኳቸው። ስለዚህ አልተሳሳቱም። ስላልተሳሳቱ ማንም አላየባቸውም። ራሳቸውም አላወቁም። ሥልጠናው ካለቀ ወዲህ ደግሞ አሠልጣኟ አትመጣም፣ የምጠይቀው አልነበረኝም። በጣም ጎበዝ ሆንኩ፣ ያጠፋሁት እዚህ ላይ ነው።

ለአጎቴ ነገርኩት። ሳልጨርስ ስልኩን አወጣ። እንደ እኔ ያለ ሰው "ሌላው ነው የታመመው" ካለ ምን እንደሚባል አውቃለሁ። ቢሆንም ነገርኩት።

እኔ እዚህ ደህና ነኝ። ሾርባው ውሃ ነው። ማታ "ጋዝ ተዘጋ" እላለሁ፣ እዚህ ጋዝ ባይኖርም። ጎረቤቴ "ጎሽ፣ አሁን እንተኛ" ይለኛል። ጥሩ ሰው ነው።

አባዬ ከፍተው ይረሳሉ። ሁልጊዜ የምዘጋው እኔ ነበርኩ። አሁን ማን እየዘጋው ነው? እኔን አውጪኝ አልልሽም፣ እሱ ይቆያል። ይህን ብቻ ጻፊልኝ። ማን እየዘጋው ነው?

ድምቡሼ


መጋቢት 11

ድምቡሼ፣ ወንድሜ፣

ደብዳቤህ ዛሬ ገና ደረሰኝ። ማንም አይዘጋውም። ለጠየቅከኝ መልሱ ይኼ ነው።

የአባዬን ደብዳቤዎች በሙሉ አውጥቼ አልጋዬ ላይ ዘረጋኋቸው። በእያንዳንዱ ውስጥ ስለ አውራ ጣቴ ይጠይቃሉ። እኔ ደግሞ ቀልጄባቸዋለሁ። ቁም ሣጥኑን መጸዳጃ ቤት ብለው እንደከፈቱ ጽፈውልኝ እኔ የቀለሙን ማማር ነው ያነበብኩት። የፈራሁት አንተን ብቻ ስለነበር ሌላ የሚታየኝ አልነበረም። ይቅር በለኝ። ቀሪውን ይቅርታ ፊት ለፊት እጠይቅሃለሁ።

ኮረብታው ላይ ወጥቼ ስደውል ዋልኩ። አባዬ ስልኩን አያነሡም፤ ቢያነሡም አይሰሙም። አጎቴ መንገድ ላይ ነው መሰለኝ ስልኩ ዝግ ነው። የጎረቤቱን ሱቅ ስልክ ቁጥር የምታውቀው አንተ ብቻ ነህ። ለማረፊያው ስደውል ጸሐፊዋ "ታካሚ በስልክ አይገናኝም" ብላ ዘጋችብኝ።

ፈቃድ አልጠየቅኩም። ነገ ጠዋት ሲሚንቶ የሚያመጣው መኪና ባዶውን ይመለሳል፤ ሾፌሩ ጋቢና ላይ ቦታ ሰጥቶኛል። ይህንም ደብዳቤ ከከተማ እልክልሃለሁ። መጀመሪያ ቤት እገባና ጋዙን እዘጋለሁ፤ ጮክ ብዬም እናገራለሁ። ከዚያ አንተን ላመጣ እመጣለሁ። አባዬን አብረን እንይዛቸዋለን፤ አንተ ታስተምረኛለህ።

እህትህ


መጋቢት 12

ልጄ፣

ሰላምታዬን ከእግርሽ እጀምራለሁ። ድንጋይ የወደቀበት አውራ ጣትሽ ዳነ ወይስ አሁንም ጫማ ይከለክልሻል?

እኛ ሁላችን ደህና ነን። እናትሽ ገበያ ወጥታለች። ቤታችንን አንድ ሰው ነጭ አድርጎ ቀብቶታል፤ ማን እንደሆነ አልነገሩኝም፣ እጁ ግን የባለሙያ እጅ ነው። አንድ ቦታ እንኳ ብሩሹ አልዘለለም። ፊደል ቢጨምርበት ኖሮ ይበልጥ ያምር ነበር።

ወንድምሽ ዳቦ ሊገዛ ጠዋት እንደወጣ ቆየ። በባዶ ሆዱ ነው የወጣውና ሲመለስ ሻይ ይድረስለት ብዬ ማንቆርቆሪያ ጣድኩ። ጋዙን ከፍቼ ክብሪት ፍለጋ ስዞር ብዕር አገኘሁ። ብዕር ካገኘሁማ ለልጄ ልጻፍላት ብዬ በሩን ዘግቼ እዚሁ ኩሽና ውስጥ ተቀመጥኩ፤ ስልክ ሲጮህ ሰምቼ እንደሆነም እንጃ፣ ጆሮዬን ታውቂዋለሽ። ቀለሙ ገና አዲስ ነው መሰለኝ ቤቱ በጣም ይሸታል፣ ራሴንም ትንሽ ያዞረኛል። መስኮቱን ልከፍት አስቤ ብርዱን ፈርቼ ተውኩት።

ይኸው፣ ስፈልገው የዋልኩት ክብሪት የካፖርቴ ኪስ ውስጥ ኖሯል! አሁን ተነሥቼ እለኩሰዋለሁ፤ ወንድምሽም አሁን ይደርሳል። አንቺ እንደ እናትሽ ሁሉን ትፈሪያለሽና ጋዙን እረሳለሁ ብለሽ እንዳታስቢ። መዝጋቱ የእሱ ሥራ ነው፤ አንድ ቀን ረስቶ አያውቅም።

አባትሽ